የሰርካለም የሞት ኮድ እንዲታረም ስለመጠየቅ

ለተከበሩ የሆስፒታሉ የሕክምና መረጃ ክፍል ኃላፊ፣

ጤናዎ እንዴት ነው? ቤተሰብዎስ? ልጆችዎ በደህና ውለው በደህና ያድራሉ? እኔ ከመካነ ሰላም ንግሥቴ ነኝ። የሆስፒታልዎን ስም ያልጻፍኩት ለክብርዎ ብዬ ነው። ትምህርቴ ከስምንተኛ ክፍል ስላላለፈ ቀስ ብዬ ነው የምጽፈው፤ ስሕተት ቢያገኙብኝ ግን እንደ እናንተ መዝገብ አንዴ ከተጻፈ አይታረምም ብዬ አልከራከርም።

መርዶው የደረሰኝ ቅዳሜ ነው። እናንተ ዘንድ የተኛችው ልጄ ሰርካለም በረደኝ ስላለች ጋቢ ላመጣላት ወደ ቤት መጥቼ፣ ጋቢውን አጥፌ ፌስታል ውስጥ ስከት ስልኬ ጠራ። አልጋዋ አጠገብ የቀሩት የእጮኛዋ እናት እትዬ በዛች ነበሩ። «እህቴ፣ ጋቢውን ተዪው» አሉኝ።

ከአስከሬኗ ጋር የላካችሁት ወረቀት ላይ የሞቷን ምክንያት የሚነግር ኮድ አለ። ከኮዱ ጎን በአማርኛ «ሆርሞን ያለበት መድኃኒት ሆን ብላ ወስዳ ራሷን በመመረዝ» ይላል። ስለ አማርኛው አመሰግናለሁ፤ ኮዱ ብቻ ቢሆን ኖሮ በቤተ ክርስቲያኑ ደጅ የሚያነበው ሰው አይገኝም ነበር። የንስሐ አባታችን ቄስ በፍቃዱ አነበቡትና አጥፈው መለሱልኝ። ልጄ ያለ ፍትሐት ተቀበረች።

ስለዚህ አቤቱታዬን በትሕትና አቀርባለሁ።

፩ኛ. ሰርካለም ራሷን አልመረዘችም። ለሠርጓ ሞላ እንድትል ብዬ ማወፈሪያ የሚሉትን ኪኒን ከወግዲ ገበያ ገዝቼ የሰጠኋት እኔ ነኝ። «እማዬ፣ በሬ ነው እንዴ የምታደልቢው?» እያለች እየሳቀች ትውጥልኝ ነበር። ፊቷ ሲያብጥ ደነገጥኩና ጸበል አስገባኋት፤ ጸበልና ኪኒን አብሮ አይሄድም ብዬ ኪኒኑን በአንድ ጊዜ ያስጣልኳትም እኔው ነኝ። ኪኒኑ ሆርሞን እንደሆነ፣ ሲለመድ ሰውነት የራሱን ሆርሞን መሥራት እንደሚተው፣ በድንገት ሲቋረጥም እንደሚገድል ሐኪማችሁ በትዕግሥት አስረድተውኛል። ያስረዱኝ ከተቀበረች በኋላ ስለሆነ በደንብ ገብቶኛል።

፪ኛ. መዝጋቢያችሁ አልጋዋ አጠገብ መጥቶ መድኃኒቱን ማን እንደሰጣት ጠየቀኝ። እትዬ በዛች ከኋላዬ ቆመው ነበር። ልጇን አደልባ ልትድርልን ነበር እንዳይሉኝ አፈርኩና «እኔ የማውቀው የለም፤ ራሷ ናት» አልኩ። ውሸቱ የእኔ ነው፤ ለእናንተ አላካፍለውም። ይሁን እንጂ መዝጋቢያችሁ ለምን እንደወሰደችው እንኳ ሳይጠይቅ ልትሞት ፈልጋ እንደነበር ማወቁ ትልቅ ችሎታ ነው። ልጄ ያን ጊዜ መናገር ትችል ነበር፤ ውሃ ስትለምነው ሰምቷታል። እሷም እኔን ሰምታኛለች። ዓይኗን ወደ እኔ መለሰች እንጂ አላጋለጠችኝም።

፫ኛ. ላስተካክል በመጣሁ ጊዜ ወንበር ስለሰጣችሁኝ አመሰግናለሁ። በስሕተት ለሚወሰድ መድኃኒት የተለየ ኮድ እንዳለ አሳያችሁኝ፤ ካሳያችሁኝ በኋላ ደግሞ ሪፖርቱ ስለተላከ መቀየር አይቻልም አላችሁኝ። ባታሳዩኝ ይሻለኝ ነበር። ለቄስ በፍቃዱ እውነቱን ነገርኳቸው። «አንቺ ለልጅሽ ብለሽ ምን አትዪ! የሐኪም ወረቀት አምጪ» አሉኝ። ስዋሽ ያመናችሁኝ እናንተ፣ እውነት ስናገር የማያምኑኝ እሳቸው። ጎረቤቴ ፈይዛ ብቻ ወረቀት ሳትጠይቅ ዱዓ ታደርግላታለች።

የምለምነው አንድ ነገር ነው፤ አርባዋ ሳያልፍ ፍትሐት እንዲደረግላት ኮዱን ቀይሩልኝ። ጥፋተኛ ስም ካስፈለገ የእኔን ጻፉ።

ኮምፒውተርዎን ከመብራት መጥፋት፣ ልጆችዎን እንደ እኔ ካለች እናት ይጠብቅልዎ እያልኩ፣ ጊዜዎን ስለወሰድኩ ዝቅ ብዬ ይቅርታ እጠይቃለሁ።

ንግሥቴ ይሄነው
የሰርካለም እናት፣ ከመካነ ሰላም

ተጨማሪ፦ በገዛ እጇ ልጇን መርዛ ዝም ላለች እናት የሚሆን ኮድ ካላችሁ ላኩልኝ፤ በእሱ ላይ አቤቱታ አላቀርብም። ይህን ያነበባችሁ ሁሉ ግን፣ ክርስቲያኑም ሙስሊሙም፣ ኮዱ እስኪቀየር ሳትጠብቁ ለልጄ ጸልዩላት። ሰርካለም የመጠሪያ ስሟ ነው። የክርስትና ስሟ ወለተ ሥላሴ ነው።