እርገጪ ያልኳት ቦታ

ወረታ፣ ሐምሌ 19 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለምወድህም ለተቀየምኩህም ወንድሜ፣ ለአብዱልሃኪም መሐመድዘይን
አዳማ

አሰላሙ ዐለይኩም ሀኪሜ። ጤናህ እንዴት ነው? ሥራው፣ ሙቀቱ፣ የምግብ ቤት ምግቡ እንዴት ይዞሃል? እኛ አልሐምዱሊላህ ደህና ነን። እማ ዝናብ ሊመጣ ሲል ጉልበቷን ይጠዘጥዛታል እንጂ ሌላ ነገር የለባትም። አባባም ደህና ናቸው። ፎቶ ኮፒው ወረቀት በነከሰ ቁጥር «ሀኪም በኖረ!» ይላሉ። የምጠግነው እኔ፣ የሚጠራው ያንተ ስም። እሺ፣ ይሁን።

እርብም ጉማራም ሞልተዋል። ሜዳው ውሃ ለብሷል፣ የሩዙ ጫፍ ብቻ ነው የሚታየው። ጋሽ ደሞዝ ቅዳሜ ከሜዳው ማዶ ለገበያ ሲመጡ ሱሪያቸውን እስከ ጭናቸው ሰብስበው፣ ያንን ረጅም ዱላቸውን ይዘው ሱቅ ገቡና ወለሉን በጭቃ ሞሉልኝ። «ያ ልጅ መቼ ነው የሚመጣው?» አሉኝ። ለመውሊድ ነው አልኳቸው። ከማን ጋር እንደምትመጣ ግን አልነገርኳቸውም።

ይህን ደብዳቤ ያገኘኸው ከላክንልህ የሩዝ ጆንያ አፍ ላይ ነው። በዚህ ዘመን ደብዳቤ ብለህ እንደምትስቅብኝ አውቃለሁ። ሳቅ። በቴሌግራም ብጽፍልህ እጮኛህ ያስሚን አጠገብህ ተቀምጣ ታነበዋለች። ድምፅ ብልክልህ ጮክ አድርገህ ታሰማታለህ። ብደውልማ፣ አንድ ቀን ደውዬ «ሄሎ» ያለችኝ እሷ አይደለች? ያን ቀን የተቋረጠው ኔትወርክ አስቸግሮ ነው ያልኩህ ውሸቴን ነው፤ እኔው ነኝ የዘጋሁት። ስለዚህ ጆንያ ውስጥ ከተትኩት። ጆንያውን የምትፈታው እሷ ከሆነች ደግሞ፣ ወላሂ፣ ምን እንደምል አላውቅም።

ቀናሁ ሀኪም። ይኸው፣ በእጄ ጻፍኩት። ጓደኞቼ ወንድማቸው ሊያገባ ሲል እልል ይላሉ፤ እኔ ከሰማሁ ጀምሮ እህል አልበላልኝ አለ። እማ ወባ ይዟታል ብላ ሐኪም ቤት ወስዳ አስመረመረችኝ። «ምንም የለባትም» ሲሏት ባሰባት።

አሁን ስለዚያ እሁድ ልንገርህ። አንተ የምታውቀው ሌላ ነው፤ የሆነው ሌላ ነው። እንደማትምረኝ ባውቅም እነግርሃለሁ።

ከአስር ሰላት በኋላ ነበር። ዝናቡ ቆርቆሮውን እየደበደበው ስለነበር ባለጉዳይ የለም። «ራሂ፣ ጌሙን ከፍቻለሁ፣ ግቢ» ብለህ ኮዱን ላክህልኝ። ከሄድክ ስምንት ወርህ ነው፤ ስምንት ወር ሙሉ ያቺን መልእክት ስጠብቅ ነበር። ሒሳብ መቀበያው አጠገብ ያለውን ኮምፒውተር ትቼ ጓዳ፣ የድሮው ቦታችን ገባሁ። ወንበርህን ወልውዬ በራሴ ወንበር ተቀመጥኩ። ማዳመጫውን አጠለቅኩ። ስገባ ሰማያዊው አንተ ነህ። አረንጓዴው ላይ ግን ሰው አለ!

ሀኪሜ፣ አረንጓዴዋ እኔ ነኝ። ሁለቱን ኮምፒውተር በአንድ ገመድ አስረህ ከተጫወትንበት የመጀመሪያ ቀን ጀምሮ አንተ ሰማያዊ፣ እኔ አረንጓዴ። ቀለሙን ጌሙ በገባነው ተራ እንደሚሰጥ አውቃለሁ፤ ያስሚን ቀድማኝ ስለገባች ነው። ይገባኛል። ግን ቢጫ ሸሚዝ ለብሼ እዚያ ቆሜ አንተና እሷን ሳያችሁ፣ ሰርግ ላይ ሳይጠሩት የገባ ሰው መሰልኩ። «ራሂዬ! በመጨረሻ!» አለችኝ። ራሂዬ የምትለኝ አንተ ብቻ ነህ። ያንንም ሰጠሃታል።

ይኼን ሁሉ ዋጥኩት። ጥይት አቀበልኳት፣ ከኋላዋ የመጣባትን ጭራቅ ገደልኩላት፣ ስትወድቅ ሁለት ጊዜ አነሳኋት። ከዚያ የፈረሰውን ቤት ደረጃ ስትወጡ አንተ ቀድመህ ወጣህና «እርገጪ» አልካት።

እርገጪ!

ያንን ቃል የት እንዳገኘነው ረሳኸው? እኔ ዘጠኝ ዓመቴ፣ አንተ አሥራ አንድ። አባባ ለጋሽ ደሞዝ የጆንያ ሲባጎ አድርሱ ብለው ሲልኩን ሜዳው እንዲህ እንደዛሬው ውሃ ነበር። ጋሽ ደሞዝ ዱላቸውን ሰጡህና ቆጣ ብለው «ዱላ የያዘው ፊት ይሄዳል። ታቹን ሳይነካ እርገጪ አይልም። የኋላዋም እርገጪ ሳትባል እግሯን አታነሳም። ውሃ ላይ ቀልድ የለም!» አሉን። ስንመለስ ትልቁ ቦይ ጋ ስትደርስ ዱላህ አዳለጠህና እስከ አንገትህ ገባህ። ውሃ እየጠጣህ ምን ብለህ ጮህክ? «አውጪኝ» አላልክም። «አትርገጪ!» ነው ያልከው። «ራሂ፣ አትርገጪ!» በኋላ አንድ ገበሬ ደርሶ አወጣህ። እኔ ግን እስኪመጣ ድረስ አንድ እግሬን አንስቼ እንደ ሽመላ ቆሜ ነበር፤ አልረገጥኩም።

ከዚያ በኋላ ጌሙ ውስጥም በዚያው ቃል ሄድን። አንተ «እርገጪ» ካልከኝ ሳላይ እረግጣለሁ፤ እኔ «እርገጥ» ካልኩህ ሳታይ ትረግጣለህ። የሁለታችን ቃል ነበር። እናም አንድ ቀን ውሃችንን አይታ ለማታውቅ ልጅ ሰጠሃት።

ረግረጉ ጋ ስንደርስ ጭራቆቹ ከኋላ በዙ። አንተ ድልድዩ ላይ ቀረህ። «ራሂ፣ ከእኔ ይበልጥ የምታውቂው አንቺ ነሽ፤ ያስሚንን አሻግሪያት» አልከኝ። እውነትህን ነው፣ ውሃው ስር የተቀበሩትን ፈንጂዎች አንድ በአንድ በቃሌ አውቃቸዋለሁ። ፊት ሄድኩ። «እርገጪ» እላታለሁ፣ ትረግጣለች። «እርገጪ» እላታለሁ፣ ትረግጣለች። እንዲህ እያልን የደረቁት ሁለት ዛፎች መሀል ደረስን። እዚያ መንገዱ በቀኝ ነው። በግራ ያለው ፈንጂ ስንት ጊዜ ሁለታችንንም እንደገደለን ታውቃለህ።

«በግራ እርገጪ» አልኳት።

ተሳስቼ አይደለም ሀኪሜ። ምላሴም አልተሳሰረም። እያወቅኩ ነው።

ትንሽ ቆመች። ከዚያ ረገጠች። ስክሪኑ ነጭ ሆነ፤ ሲጠራ ወድቃለች። የወደቀን ለማንሳት ሠላሳ ሰከንድ አለ፤ አጠገቧ ነበርኩ፣ አንድ ቁልፍ መጫን ነው። «ራሂ፣ ወደቅኩ፣ አንሺኝ» አለች፤ ያውም በቀስታ። ብትጮህብኝ ይሻለኝ ነበር። እጄን ከቁልፎቹ ላይ አንስቼ ጭኔ ላይ አስቀመጥኩት። አንተ ድልድዩን ትተህ ስትሮጥ መጣህ። ለእኔ እንዲህ ሮጦ ያውቃል? ብዬ አሰብኩ። ያን ጊዜ ቦዩ ትዝ አላለኝም። ሳትደርስ ጭራቆቹ ደረሱብህና ሦስታችንም አለቅን። የሁለት ሰዓት ድካም ገደል ገባ።

«ምንድን ነው የሆነው?» አልክ። በቃ ትናገራለች አልኩ። እሷ ምን አለች? «እኔ ነኝ፣ ግራና ቀኝ ተምታታብኝ» ብላ ሳቀች። አንተም ሳቅክ። እኔ «መብራት ሄደ» ብዬ ጻፍኩና ኮምፒውተሩን በእጄ አጠፋሁት። መብራቱ ከላዬ ቦግ ብሎ ይበራ ነበር።

የማትናገረው ፈርታኝ ነው ብዬ ለራሴ ነገርኩት። ወይ ደግሞ ሞኝ ናት፣ በእኔ ምክንያት እንደሆነ አልገባትም አልኩ። እንዲያውም ትንሽ ደስ ሳይለኝ አልቀረም፤ አላህ ይቅር ይበለኝ።

ከዚያ ማክሰኞ የላክህልኝን ድምፅ ሱቅ ሆኜ ሰማሁት። ለመውሊድ ይዣት እመጣለሁ፣ አንቺ ክፍል ታድራለች አልክ። ቀጥለህ ምን አልክ? «ያስሚን ያን ቀን ምን እንደነካት እንጃ። ያንን ረግረግ ሰባት ጊዜ አሻግሬያታለሁ፤ ዛፎቹ መሀል ዓይኗን ጨፍና ነው የምታልፈው።» ወረቀት እያወጣሁ ነበር። ባለጉዳዩ መታወቂያውን አንድ ኮፒ ብሎኝ አሥራ አራት አወጣሁለት። «እህቴ፣ አሞሻል እንዴ?» አለኝ።

ሰባት ጊዜ! ያስሚን ታውቅ ነበር ሀኪሜ። በግራ ፈንጂ እንዳለ ታውቅ ነበር። ያን ጊዜ ትንሽ የቆመችው ለዚያ ነው። «እህቴ እርገጪ ካለችሽ ሳታዪ እርገጪ» ብለህ አስተምረሃታላ! እያየች፣ እያወቀች ረገጠችልኝ። ከዚያ ደግሞ ጥፋቱን በራሷ ላይ አደረገችው።

ትናንት ጓዳ ብቻዬን ገብቼ ጌሙን ከፈትኩት። ዛፎቹ መሀል ደርሼ በግራ ልርገጥ አልኩ። ጌም ነው፣ አልሞትም። ቢሆንም ጣቴ እምቢ አለኝ። ሦስት ጊዜ ሞክሬ አልቻልኩም። ማዳመጫውን አውልቄ እዚያው ወንበር ላይ አለቀስኩ። እማ መጥታ «ምን ሆንሽ?» ስትለኝ በጌም ተሸነፍኩ አልኳት። «ሃያ ሁለት ዓመት ሞልቶሽ? ኤዲያ!» ብላኝ ሄደች።

አሁን ምን እንደምታደርግ አላውቅም። ይህን አንብበህ ለመውሊድ አልመጣም ካልክ አልፈርድብህም። ውሃ ላይ ዋሽቻለሁ። ጋሽ ደሞዝ ቢሰሙ ዱላቸውን ጀርባዬ ላይ ነው የሚሰብሩት። ግን እባክህ ና። ይዘሃት ና። አልጋዬን ለእሷ ለቅቄያለሁ፤ እኔ ፍራሽ ዘርግቼ መሬት እተኛለሁ። አንሶላውን ዛሬ አጥቤዋለሁ፤ ዝናቡ እምቢ አለ እንጂ ሊደርቅ ነበር።

በመውሊድ ማግስት ሦስታችን ጋሽ ደሞዝ ቤት እንሄዳለን። ሜዳው ያን ጊዜም ውሃ ነው። ዱላውን ለያስሚን እሰጣታለሁ። መንገዱን አታውቀውም፣ አውቃለሁ። ግድ የለም። ከኋላዋ እሄዳለሁ፤ እርገጪ ያለችኝ ቦታ ሁሉ እረግጣለሁ፣ እስከ አንገቴም ቢሆን። አንተ ዳር ቆመህ ትስቃለህ። እንዳትረዳኝ ብቻ።

ቅናቱ ለቀቀኝ ብዬ ግን አልዋሽህም። አልለቀቀኝም። ወንበርህን ዛሬም ወልውዬዋለሁ፤ እሷ እንደምትቀመጥበት ሳስበው ጓዳውን ልቆልፈው ያምረኛል። ራሂዬ ትበለኝ፣ እሺ። ጌሙ ውስጥም ቀድማኝ ትግባ።

አላህ ከክፉ ይጠብቅህ፤ እሷንም። እንጀራችሁን ይባርክላችሁ፤ በሰላም ያምጣችሁ። እማ «ሩዙ እንዳይነቅዝ ፀሐይ ላይ አስጡት» ብላለች። አባባ ሰላም ይሉሃል፤ ፎቶ ኮፒው ዛሬ ጠዋትም ነክሶ ነበር።

ይህን ደብዳቤ አንተ አታንብብላት። ለራሷ ስጣት፣ ራሷ ታንብበው።

እህትህ ራህመት፣
ቢጫዋ