ሀናን ሬይኒር ተራራ የወጣች ዕለት

እሑድ፣ ሐምሌ 12 ቀን 2012 ዓ.ም.
ሜይፌር፣ ጆሃንስበርግ

ዛሬ ቀኑን ሙሉ ፈርቼ ዋልኩ። አሜሪካ፣ ሲያትል ያለችው ልጄ ሀናን ሬይኒር የሚባለውን ተራራ ከጓደኞቿ ጋር ልትወጣ እንደሆነ ትናንት በድምፅ መልእክት ነገረችኝ። "አባዬ፣ በኮሮና ቤት ተዘግቼ ላብድ ነው። ተራራ ላይ ቫይረስ የለም" ብላ ሳቀች። ከዚያ ወዲህ ስልኳ አይሠራም።

ጠዋት ስለ ተራራው ኢንተርኔት ላይ አነበብኩ። ባላነበብኩት ይሻል ነበር። ከአናቱ እስከ ወገቡ በረዶ ነው፤ በረዶው ውስጥ ሰው የሚውጥ ስንጥቅ አለ፤ ተራራው ራሱ እሳተ ገሞራ ነው። ዲፕስሉት የሚባለው ሰፈር ባለው ሱቄ ውስጥ ሽጉጥ ተደቅኖብኝ ያውቃል። ያኔ እንኳ እንዲህ አልፈራሁም። ባለቤቴ ዘይነባ ብርድ ልብስ ተከናንቤ ስታገኘኝ በሽታው የያዘኝ መስሏት ግንባሬን ዳሰሰች።

"ብርዱ ነው" አልኳት፤ ስለ ተራራው አልነገርኳትም።

መግሪብ ሰግጄ ስነሳ ሀናን ደወለች።

"አባዬ፣ ጫፉ ጋ ሳንደርስ ተመለስን። ከፊቴ የነበረችው ልጅ በረዶው ከድቷት ስንጥቁ ውስጥ ገባች። በገመድ ተያይዘን ስለነበር ጎትተን አወጣናት።"

"አልሐምዱሊላህ! በይ ሁለተኛ እንዳትሄጂ።"

እሷ ግን ወሬዋን ቀጠለች።

"ለሚቀጥለው ዓመት ደናሊን ለመውጣት አስበናል። አላስካ ነው ያለው። አሜሪካ ውስጥ እሱን የሚያህል ተራራ የለም።"

ዘይነባ ከማድ ቤት "ሀናን ናት? ምን አለች?" እያለች መጣች።

"ደህና ነኝ ትላለች" ብዬ ስልኩን ሰጠኋት። እየሳቁ ሲያወሩ ሰማኋቸው። የደናሊን ነገር ለዘይነባ እንዴት አድርጌ እንደምነግራት አላውቅም።