ሣሩን ማን እንደረገጠው የጠየቁት ወንድማችን

ወንድማችን ከቧንቧ ሠራተኛው አባታችንና ከልብስ ሰፊዋ እናታችን፣ ከከተማው የውሃ ማጠራቀሚያ አጠገብ ባለች ባለ ሁለት ክፍል ቤት፣ በ1941 ዓ.ም. ተወለዱ። ከስድስት ልጆች ሦስተኛ ነበሩ። አፍ ከፈቱበት ቀን ጀምሮ ጥያቄ አያልቅባቸውም። እናታችን፣ ነፍሳቸውን ይማርና፣ “ይህ ልጅ መልአከ ሞትንም ምን አመጣህ ሳይለው አይቀርም” ይሉ ነበር።

ትምህርታቸውን እስከ አሥራ ሁለተኛ ክፍል በሰፈራችን ተማሩ፤ መምህራኑም “ለምን” የሚል ቅጽል ስም አወጡላቸው። በ1960 ዓ.ም. በከተማው የመናፈሻና መዝናኛ መምሪያ ሣር አጠጪ ሆነው ተቀጠሩ። ማታ ማታ እየተማሩ በአትክልት ሙያ ዲፕሎማ ያዙ።

ባለቤታቸውን ያገኙት በጠብ ነው። ባለቤታቸው የቤተ መጻሕፍት ሠራተኛ ነበሩ፤ የወንድማችን የሣር ማጨጃ ጩኸት አንባቢ አስቸገረ ብለው በመስኮት ተቆጧቸው። ወንድማችን አንባቢ የማይበዛበትን ሰዓት ለመጠየቅ ሄዱ። ሰዓቱ ከታወቀም በኋላ መሄዱን አልተዉም። በ1969 ዓ.ም. ተጋብተው ሁለት ሴቶችና አንድ ወንድ ልጅ አፈሩ።

በ1979 ዓ.ም. ምክትል ኃላፊ ሳሉ፣ የዳይሬክተርነቱ ወንበር ለእሳቸው እንደሚሆን ሁሉም ያውቅ ነበር። በዚያው ሰሞን የከተማው ምክር ቤት ለመኪና ማቆሚያ የሚሆን ቦታ ይፈልግ ነበርና ከአውቶቡስ ጣቢያው ጀርባ ያለችውን ትንሽ ሜዳ እንዲያጠኑ አዘዛቸው። ሦስት ቀን በቀትር ሄደው አዩ፤ “ተጠቃሚ የለውም” ብለው ፈረሙ።

ከፈረሙ በኋላ ግን አንድ ነገር ከነከናቸው። የሜዳው ሣር መሐሉ ላይ ክብ ሠርቶ ተልጦ ነበር። ሰው ከሌለ ማን ረገጠው? የጣቢያውን ዘበኛ ቢጠይቁ ውሻ ይሆናላ አላቸው። ውሻ እንዲህ ልክ ይዞ አይዞርም ብለው፣ በማግስቱ ጎህ ሲቀድ ሄዱ።

ያገኙት ሴቶችን ነው። ጽዳት ሠራተኞች፣ ነርሶች፣ አንዲት የዳቦ ቤት ሠራተኛም ነበረች። በሁለት አሮጌ ብስክሌት ተራ እየተጠባበቁ መንዳት ይማራሉ፤ በዚያ ሰዓት የሚስቅባቸው የለምና። ወንድማችንን በመምሪያው ካፖርት ሲያዩ ደነገጡ። የዳቦ ቤቷ ሠራተኛ ግን፣ “ጋሼ፣ ሊከለክሉን ከሆነ ከነገ ይጀምሩ፤ ዛሬ ተራዬ ነው” አለቻቸው። እሳቸውም ኮርቻውን ከኋላ ይዘው አብረዋት ሮጡ።

ምክር ቤቱ ሐሙስ ሊወስን ነው። አለቃቸው የሚወዷቸው ሰው ነበሩና፣ ተሳስቻለሁ ካልክ ወንበሩን እርሳው ብለው መከሯቸው። ወንድማችን ሐሙስ ዕለት በሰው ሁሉ ፊት ቆመው፣ “ሪፖርቱም ስሕተቱም የእኔ ነው። ያየሁት የቢሮ ሰዓቴን እንጂ ሜዳውን አይደለም” አሉ። ሜዳዋ ተረፈች። ወንበሩ ለሌላ ሰው ተሰጠ።

ዳይሬክተር የሆኑት ከአራት ዓመት በኋላ፣ በ1983 ዓ.ም. ነው። ጡረታ እስከወጡበት እስከ 2001 ዓ.ም. ድረስ በንጋት፣ በቀትርና በምሽት ሳይታይ የተዘጋ አንድም መናፈሻ የለም። ሠራተኞቻቸው በንጋቱ ተራ ያጉረመርሙ ነበር፤ ዛሬ ግን እንደምታዩት አስከሬናቸውን ተሸክመው የመጡት እነሱው ናቸው።

ልጆቻችን፣ የአባታችሁ ሹመት ለምን እንደዘገየ ገና ዛሬ መስማታችሁ ነው። እሳቸው ቤት ገብተው “ሌላ ሰው ተሾመ” ብቻ ነበር ያሉት።

በልብ ሕመም ሁለት ዓመት ሲታከሙ ቆይተው፣ የካቲት 11 ቀን 2016 ዓ.ም. በተወለዱ በ75 ዓመታቸው አረፉ። ከባለቤታቸውና ከሦስቱ ልጆቻቸው ሌላ ሰባት የልጅ ልጆችና አራት እህቶችና ወንድሞች አሏቸው። ባረፉበት ሳምንት ታላቅ እህታቸው አልጋቸው አጠገብ ተቀምጠው፣ ያ አራት ዓመት ይቆጭህ እንደሆነ ብለው ጠይቀዋቸው ነበር። “ዝም ብዬ ተሹሜ ቢሆን፣ የቆመ መኪና ባየሁ ቁጥር አንገቴን ስደፋ እኖር ነበር” አሏቸው።

ፈጣሪ ነፍሳቸውን በለመለመው መስክ ያሳርፍልን፤ እናንተንም ያጽናናችሁ።