የአርጃኖው መንጋጋና የየኔታ ጆሮ

ኅዳር ፲፬፣ ወረታ

ሩዝ ሲታጨድ የተገኘ የአርጃኖ መንጋጋ ለነገው የባዮሎጂ ክፍለ ጊዜ እያጸዳሁ ሳለ፣ የዜማ መምህሩ ጎረቤቴ የኔታ መጡ። ጆሯቸው ከደከመ ቆይቷል። ባሕር ዳር ሐኪም ዘንድ እንሂድ ብዬ ሦስቴ ለምኛቸው ሦስቴም ያልሰሙ መስለው አልፈዋል፤ መምሰል እንኳ ላያስፈልጋቸው ይችላል።

«ይህቺስ ምንድን ናት?» አሉ፣ የመንጋጋውን ጫፍ በመቋሚያቸው እየነኩ።

ጮክ ብዬ አስረዳኋቸው። የአርጃኖ የታች መንጋጋ፣ እንደ ዘመዱ እንደ እንሽላሊት ሁሉ፣ ብዙ አጥንቶች ተገጣጥመው የሠሩት ነው። ከራስ ቅሉ ጋር የሚያያዘው የኋለኛው «አርቲኩላር» ይባላል፤ መጋጠሚያ እንደ ማለት ነው። በሰው ላይ ግን ያው አጥንት ጆሮ ውስጥ ገብቶ ድምፅ የምታቀብል ትንሽ መዶሻ ሆኗል ይላሉ የዘርፉ ሰዎች።

«እሱ በሚያኝክበት ነው እኛ የምንሰማው?»

«አዎን፣ የኔታ።»

«ማኘኪያው ቢላላበትስ ምን ይሆናል?»

«ይራባላ።»

ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «ተማሪዎቼ ሲቀጽሉ፣ ያስተማርኋቸውን ዜማ ሲያሰሙኝ፣ ቃሉን ከከንፈራቸው አየዋለሁ። ዜማው ግን ከንፈር ላይ አይታይም። ትናንት አንዱን ደኅና ነው ብዬ አሳለፍሁት። እሱም ነገ ሌላውን ያስተምራል።»

ሲወጡ መንጋጋውን በወረቀት ጠቅልዬ እንድሰጣቸው አዘዙኝ፤ ለምን እንደሆነ አልነገሩኝም። ነገ ለክፍሉ የማሳየው አጥንት የለኝም። የባሕር ዳር መኪና ስንት ሰዓት እንደሚነሣ ግን ሁለቴ ጠይቀውኛል።