የይመር ቦታ

ይመር ወንድሜ፣

ብዕሩን የያዘው የእህቴ ልጅ ኢምራን ነው፤ በእሱ ላይ ያለኝን ወቀሳም ራሱ ይጽፈዋል። እኔ ጉለሌ ደህና ነኝ። የዚህ ካርድ ሥዕል ላይ ያለው የእንጦጦ ባሕር ዛፍ ነው፤ የእኛ ዋርካ ይበልጠዋል።

ኢምራን በኮምፒውተር ሙዚቃ ይሠራል። ሀውስ ይሉታል፤ ከበሮው አንዴ ከተነሣ አያርፍም። በማሽላ አረም ደቦ ላይ የማወርደውን ዘፈን አስዘፍኖኝ ቀዳው። በማግስቱ ሲያሰማኝ ድምፄ ከበሮውን ያስንቃል፤ ስንኙ ግን አንዱ ሌላውን ይረግጣል።

«ዝም ያልኩበት የት ሄደ?» አልኩት።

«ግጥሙ የጠፋብዎት መስሎኝ ቆረጥኩት፣ አባባ» አይለኝም!

«እኔን ግጥም ሊጠፋኝ! ያ የይመር ቦታ ነው፣ አንተ! እኔ አወርዳለሁ፣ እሱ ይቀበላል» ብዬ ጮህኩበት።

አፈረ። ከበሮውን አውጥቶ ድምፄን ብቻ እንደዘፈንኩት መለሰው። ሲያሰማኝ ቤቱ በድምፄ ሞላ። ዝም ያልኩበት ላይ ሲደርስ ግን ኢምራን ራሱ ወደ በሩ ዞረ፣ አንተ የምትገባ ይመስል።

ሁለቱንም ለሕዝብ ሊያወጣቸው ነው፤ ባለ ከበሮውንም፣ ድምፅ ብቻውንም። ያለ ይመር አልፈቅድም ብዬዋለሁ። አርባ ዓመት የተቀበልከኝ አንተ ነህ፤ በቦታህ ማሽን አይገባም። ጉልበቴን አመመኝ እንዳትል፣ የምትዘፍነው በጉልበትህ አይደለም። በዚህ ሳምንት አውቶቡስ ያዝ፤ መናኸሪያ ወጥቼ እቀበልሃለሁ። ለዙህራና ለልጆቹ ሰላም በልልኝ። ካርዱ ሞላ ይለኛል።

በል ኢምራን፣ አንብብልኝ፤ ከዚህኛው ደግሞ ምንም እንዳትቆርጥ።

እንድሪስ