በአቶ ብሪጅናት ሶማኒ ዕረፍት የተሰማን ሐዘንና ለአቶ ሳህሉ ገና ያልተነገረው መርዶ

ከሆሳዕና የህንድ ፊልም ወዳጆች ማኅበር፤ ኅዳር 2 ቀን 2018 ዓ.ም.

በህንድ አገር ለአርባ ዓመታት ያህል ፊልም ሲያዘጋጁ የኖሩት አቶ ብሪጅናት ሶማኒ ጥቅምት 24 ቀን በ92 ዓመታቸው ሙምባይ ከተማ ማረፋቸውን ማኅበራችን የሰማው በከባድ ሐዘን ነው። ከሐዘኑ ይልቅ ፍርሃቱ በርትቶብናል። ምክንያቱን ከዚህ በታች እንገልጻለን፤ እስከዚያው ግን ማንም አባል ይህን ወረቀት መናኸሪያ በር ላይ እንዳይለጥፍ፣ በቴሌግራምም እንዳያስተላልፍ አጥብቀን እናሳስባለን።

አቶ ብሪጅናት ከገበሬ ቤተሰብ ተወልደው በወጣትነታቸው ስቱዲዮ ውስጥ መብራት በመሸከም ሥራ ጀምረዋል።

በ1952 ዓ.ም. ስለ አንድ ጉድጓድ ቆፋሪ የሚተርከውን የመጀመሪያ ፊልማቸውን አዘጋጁ። ተመልካች አላገኘም።

ከ1956 እስከ 1974 ዓ.ም. አሥራ ሰባት ፊልሞችን ሠርተዋል። በአገራቸው ዘፈን አበዙ ተብለው ተተችተዋል፤ እኛ ግን አልበዛብንም።

በ1984 ዓ.ም. ፊልሞቻቸው በቪዲዮ ካሴት ሆሳዕና ደረሱ። የማኅበራችን መሥራች መምህር ሳህሉ፣ ህንዳዊ አስተማሪያቸው ያስተማሯቸውን የሂንዲ ቋንቋ ይዘው፣ ማይክሮፎን ይዘው እያንዳንዱን ንግግር ወደ አማርኛ መለሱልን። ዱራሜም ሾኔም እየሄዱ ተርጉመዋል። ለእኛ የአቶ ብሪጅናት ድምፅ የአቶ ሳህሉ ድምፅ ነው።

በ1986 ዓ.ም. አንድ ደሃ ገበሬ በሬውን የሚሸጥበት ፊልም ሾኔ በታየ ጊዜ ተመልካቹ ከአዳራሹ አልወጣም አለ፤ በሬው የት እንደደረሰ ካልተነገረው አልሄድም ብሎ። አቶ ሳህሉም ጥያቄውን በደብዳቤ ወደ ሙምባይ ላኩ። መልሱ የመጣው በ1989 ዓ.ም. ነው፤ በአዲሱ ፊልም ላይ ያ በሬ፣ ግንባሩ ላይ ያለው ነጭ ምልክት ሳይቀር፣ በድሮ ጌታው ደጅ ቆሞ ታየ። አዳራሹ በእልልታ ተናወጠ።

የመጨረሻ ፊልማቸውን በ1991 ዓ.ም. ካጠናቀቁ ወዲህ ሁለቱ በየዓመቱ ለሐዲያ ዘመን መለወጫ፣ ለያሆዴ በዓል፣ ደብዳቤ ሳይለዋወጡ ቀርተው አያውቁም። በዓይን ሳይተያዩ ወንድማማቾች ሆኑ።

የምንፈራውም ለዚህ ነው። አቶ ሳህሉ ልባቸው ታሟል፤ ሐኪማቸውም ድንገተኛ ነገር እንዳይሰሙ አስጠንቅቀዋል። የማኅበሩ ሊቀመንበር ወይዘሮ ውቢት በ2015 ዓ.ም. የወንድማቸውን መርዶ በስልክ ሰምተው ወድቀው ሦስት ሳምንት ሆስፒታል ተኝተዋል። ያ ቀን ከዓይናችን አልጠፋም። በመሆኑም መርዶው በወጉ ሐሙስ ከንጋቱ 12 ሰዓት ይነገራል። የአቶ ሳህሉ ቤተክርስቲያን ሽማግሌዎች፣ ከዱራሜ የምትመጣው ልጃቸው ሐዳሳ እና የደም ግፊት መለኪያ የሚይዙት ነርስ አቶ ኤልያብ ይገኛሉ። እስከዚያ አባላት በመንገድ ላይ ሲያገኟቸው ፊታቸውን እንዳያጠቁሩ አደራ እንላለን። የምንሠራው ትክክል ይሁን አይሁን አናውቅም።

ተጨማሪ፤ ኅዳር 4 ቀን 2018 ዓ.ም.

ዛሬ ንጋት ላይ ስንደርስ በሩ ክፍት ነበር። አቶ ሳህሉ ጋቢያቸውን ተከናንበው፣ ለእንግዳ ወንበር ደርድረው ጠበቁን። የአቶ ብሪጅናት ሴት ልጅ ደውላ የነገረቻቸው ከዘጠኝ ቀን በፊት ኖሯል። እኛ ከሳቸው ስንደብቅ እሳቸው ከእኛ ሲደብቁ ከርመዋል። ለምን እንደሆነ ሲጠየቁ ወይዘሮ ውቢትን እያዩ፣ «ላንቺ ፈርቼ ነዋ! ደግሞ ብትወድቂብኝስ?» አሉ። ወይዘሮ ውቢት አለቀሱ፤ ሁላችንም አለቀስን። አቶ ኤልያብ ግፊት የለኩት የሊቀመንበሯን ነው።

አቶ ሳህሉ ለዘጠኝ ቀን ብቻቸውን በማዘናቸው ማኅበሩ በአደባባይ ይቅርታ ይጠይቃል። ሙምባይ ላሉት የአቶ ብሪጅናት ልጆችና የሥራ ባልደረቦች መጽናናትን እንመኛለን። እዚህ ሆሳዕና ላሉት ወንድማቸው፣ ለአቶ ሳህሉ፣ እግዚአብሔር ያጽናዎት እንላለን።

በእሳቸው ጥያቄ መሠረት በሬው የተመለሰበት ፊልም ቅዳሜ በስምንት ሰዓት በማኅበሩ አዳራሽ ይታያል። ማይክሮፎኑን የሚይዙት ራሳቸው ናቸው። ልባቸው ይችል እንደሆነ አናውቅም፤ እንዲተዉት ለምነናቸው እምቢ ብለዋል። ይህ ወረቀት አሁን መናኸሪያ በር ላይ ይለጠፍ። ፈርተናል፤ ቢሆንም ኑ፣ ብቻቸውን እንዳይተርጉሙ።