በሩ በትዕዛዝ የተከፈተላቸው የመምህርት ውበቴ ታዘበው የሕይወት ታሪክ

መምህርት ውበቴ ታዘበው ከአባታቸው ከአቶ ታዘበው ዘመነ እና ከእናታቸው ከወይዘሮ ደስታነሽ ገብረ ሕይወት በ1949 ዓ.ም. በቢቸና ከተማ ተወለዱ። ታናሽና ብቸኛ ወንድማቸውን አቶ ገላውን በጀርባቸው አዝለው አሳድገዋል።

በቢቸና ተምረው የመምህርነት ሥልጠና ከወሰዱ በኋላ በ1969 ዓ.ም. ሞጣ ተመደቡ፤ እስከ ጡረታቸውም ድረስ እዚያው አማርኛ አስተማሩ። በ1974 ዓ.ም. ከአቶ ሰማው ገብረ ማርያም ጋር በተክሊል ተጋቡ። ልጅ አልወለዱም። ባለቤታቸው በ2006 ዓ.ም. ሲያርፉባቸው፣ ቀሪ ዕድሜያቸውን በተወለዱበት ግቢ ለማሳለፍ ተመኙ።

ከእናታቸው በኋላ አባታቸውም በ2010 ዓ.ም. ሲያርፉ ግን፣ ወላጆቻቸውን ሲጦሩ የኖሩት አቶ ገላው «ቤቱ የእኔ ብቻ ነው» አሉ። ሽማግሌ ተልኮ አልሆነም። ነገሩ ፍርድ ቤት ደረሰ፤ መምህርት ውበቴ የቤቱን ግማሽ እንዲረከቡም ተፈረደላቸው። አቶ ገላው አልከፈቱም። በፍርድ አፈጻጸም ዳግመኛ ሲታዘዙ ከፈቱና፣ ወዲያው አዲስ ቁልፍ ገዝተው መልሰው ቆለፉ። በ2012 ዓ.ም. ትዕዛዝ ባለማክበራቸው ለምን እንደማይቀጡ እንዲያስረዱ ተጠርተው ችሎት ፊት ቆሙ።

«ክቡር ፍርድ ቤት፣ ትዕዛዙ ደርሶኛል። እናትና አባቴን አስታምሜ የሸኘሁበትን በር ግን በእጄ አልከፍትም» አሉ።

አንድ ወር እንዲታሰሩ ሲወሰን መምህርት ውበቴ ከመቀመጫቸው ተነሥተው፣ «እኔ የጠየቅሁት በሩ እንዲከፈትልኝ እንጂ ወንድሜ እንዲታሰርብኝ አይደለም። ክሴን ትቻለሁ» ብለው ለመኑ።

ዳኛውም «እናቴ፣ ይኼ አሁን የእርስዎ ክስ አይደለም፤ ያልተከበረው የፍርድ ቤቱ ትዕዛዝ ነው» ሲሉ መለሱላቸው።

በሩ በፖሊስ ተከፈተ። መምህርት ውበቴ በገቡበት ቀን አብስለው ስንቅ ወደ እስር ቤት ወሰዱ፤ ወንድማቸው ሳይነኩ መለሱት። ከተፈቱም በኋላ በዚያው ግቢ እየኖሩ እህታቸውን ቀና ብለው አላዩም። ጎረቤቱም «ወንድሟን ያሳሰረች» እያለ ራቃቸው። «ቤቱን ፍርድ ቤት አስከፈተልኝ፤ ደጄን የሚረግጥ ሰው ግን በማን ትዕዛዝ ይመጣል?» ብለው የነገሩት ለእኔ፣ ለአቶ ገላው ልጅ ለሃና ነበር።

በ2013 ዓ.ም. ወደ ሞጣ ተመልሰው አንድ ክፍል ተከራዩ። በነርስነት እዚያው ተመድቤ ስለነበር ከሥራ ስወጣ እጠይቃቸው ነበር። በዓል በመጣ ቁጥር፣ እንግዳ ያለ እንዲመስል ሬዲዮናቸውን ከፍ አድርገው ይከፍቱ እንደነበር አከራያቸው አጫውተውኛል።

ባደረባቸው የልብ ሕመም በጥር 2017 ዓ.ም. ሆስፒታል ሲገቡ የቅርብ ዘመድ ማን እንደሆነ ተጠየቁ። አጠገባቸው ቆሜ ሳለሁ «ገላው ታዘበው፣ ወንድሜ» አሉ። ለአባቴ ደወልኩ። «መጣሁ በያት» አሉኝ። ይህን ለአክስቴ ስነግራቸው ፀጉራቸውን እንዳበጥርላቸው ጠየቁኝ፤ ነጠላቸውንም አስተካከልኩላቸው። ያን ሰሞን ግን መንገዱ ተዘግቶ ከቢቸና ወደ ሞጣ መኪና አልነበረም። ዓይናቸው ከበሩ ሳይነሣ ጥር 16 ቀን አረፉ። አቶ ገላው የደረሱት በማግሥቱ ነው።

ከኋላቸው የቀረነው አንድ ወንድምና አንዲት የወንድም ልጅ ነን። እግዚአብሔር ነፍሳቸውን ከወዳጆቹ መካከል ያኑርልን፤ ለቀረነውም ሰው ሳይሞትብን የምንታረቅበትን ልብ ይስጠን። አሜን።